ብረቷ የፈታችው ካቴና

በሴቶች ማረሚያ ቤት "ብረቷ" የሚሏት የጥበቃ ሠራተኛ ነበረች። ስሙን ያወጡላት እስረኞቹ ናቸው። ውሎ አድሮ ባልደረቦቿም፣ አዛዡም፣ እኛ ጎረቤቶቿም ለመድነው፤ ራሷም ጠልታው አታውቅም። ቁመቷ አጭር፣ ድምፅዋ ለስላሳ ነው። ብረት ያሰኛት አለመታጠፏ ነው። "ለዛሬ ብቻ" የሚል ልመና ጆሮዋ አይገባም። ከዚያ ውጭ ግን እጇን በእስረኛ ላይ አንስታ፣ አፏንም ለስድብ ከፍታ አታውቅም። እስረኞቹ ይፈሯታል፣ ያሟታል፤ ጭንቅ ሲመጣ ግን የሚጠሩት እሷን ነው።

ባሏ ልብስ ሰፊ ነው። ሱቁና የእኔ ክፍል የሚለያቸው አንድ ስስ ግድግዳ ነው፤ የስፌት መኪናው ድምፅ ቆም ሲል ጨዋታው ይጀምራል። "እኔ ትዳር የያዝኩ መስሎኝ ነበር፤ ለካ ዕድሜ ልክ ነው የተፈረደብኝ!" እያለ ደንበኞቹን ያስቃል። እሷ ደግሞ ከሥራ ስትመለስ በሩን ዘግታ፣ መቀርቀሪያውን ገፍታ፣ እንደገና ነካክታ ካላረጋገጠች አትቀመጥም። አንድ ልጃቸው አግብታ ሌላ ከተማ ስለምትኖር ቤቱ የሁለቱ ብቻ ነው።

እንግዲህ ይህች ሴት ናት አንድ ቀን የእስረኛ ካቴና በገዛ እጇ የፈታችው።

እስረኛዋን "ቀጭኗ" ይሏት ነበር። በስርቆት የተፈረደባት፣ ትንሽ ሴት ልጇን እህቷ ዘንድ ትታ የገባች ወጣት ናት። እናቷ ሆስፒታል ተኝተው ሐኪሞቹ ተስፋ ሲቆርጡ፣ ሄዳ እንድትሰናበታቸው ተፈቀደላት። እስረኛ ወደ ሆስፒታል ሲወጣ ሁለት ጠባቂ ማጀብ አለበት፤ ደንቡ ነው። የዚያን ዕለት ጠዋት ግን ግማሹ ጠባቂ እስረኞችን ይዞ ፍርድ ቤት ሄዷል። ብረቷ አዛዡ ቢሮ ገብታ ሁለተኛ ሰው ጠየቀች።

"ከየት አምጥቼ?" አላት አዛዡ። "ሰው የለም። ደግሞ አንቺ እያለሽ ምን ሁለተኛ ያስፈልጋል? ለሁለት ትበቂያለሽ።"

ሙገሳ መሆኑ ነው። ካቴናውን አስራ፣ ቁልፉን ኪሷ ከትታ፣ ቀጭኗን ይዛ ሄደች።

የሆስፒታሉ የሴቶች ክፍል ሰፊ ነው። አልጋዎቹ በሁለት ረድፍ ተደርድረዋል፤ የቀጭኗ እናት የተኙት በሩ አጠገብ ነው። ዓይናቸውን ሞራ ከጋረደው ቆይቷል። የልጃቸውን መታሰርም አያውቁም፤ ራቅ ያለ ከተማ ሥራ ይዛለች ተብለዋል። ቀጭኗ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣ ጎንበስ ስትል በጠረኗ አወቋት።

"መጣሽልኝ?"

"መጣሁ እማ።"

"አሠሪዎችሽ ፈቀዱልሽ?"

"ፈቅደውልኝ ነው።"

አሮጊቷ የልጃቸውን እጅ እየዳበሱ ወደ ላይ ሲወጡ ብረቱ ላይ ደረሱ። ጣታቸው ቆመ።

"ይሄ ምንድን ነው?"

"አምባር ነው፣ እማ።"

"ሁለቱም እጅሽ ላይ?"

"አዎ... ጥንድ ነው።"

"ምነው እንዲህ ቀዘቀዘ!" አሉ እናትየው። "በይ አውልቂውና በደንብ ያዢኝ።"

ቀጭኗ ቀና ብላ ብረቷን አየቻት። ምንም አላለችም። ብረቷ ይህን ስታወራኝ ሁልጊዜ እዚህ ላይ ትቆማለች። "ብትለምነኝ ኖሮ እምቢ እላት ነበር" ትላለች። "ልመናን እችለዋለሁ፤ ሥራዬ ነው። እሷ ግን ዝም አለችኝ።" እጇ ኪሷ ገባ፣ ቁልፉን አወጣ፣ ካቴናውን ፈታ። አጠገብ ያሉት ታማሚዎች ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዞሩ፤ ያላዩ ለመምሰል።

እናትና ልጅ እንደዚያ ተያይዘው ብዙ ቆዩ። ኋላ አሮጊቷ ውሃ ጠማኝ አሉ። ራስጌው ላይ ያለው ማሰሮ ባዶ ነበር፤ ቧንቧው ደግሞ ከበሩ ወጣ ብሎ ኮሪደሩ ላይ ነው፣ ከአልጋው ሆነው ያዩታል። ቀጭኗ ማሰሮውን ይዛ ተነሣች። ብረቷም ልትከተላት ተነሣች። በዚህ መሐል አሮጊቷ የሚንቀሳቀስ ሰው ሰምተው እጃቸውን ሲዘረጉ ያገኙት የብረቷን እጅ ነው።

"ልጄ፣ አትሂጂብኝ" አሉና ጥብቅ አድርገው ያዟት።

ብረቷ አልነጠቀቻቸውም። እጇን ለአሮጊቷ ሰጥታ፣ ዓይኗን ቧንቧው ላይ ተክላ ቆመች። ቀጭኗ ውሃውን ቀዳች። ማሰሮውን መሬት ላይ አስቀመጠች። ዞር ብላ ወደ ክፍሉ አየችና በደረጃው ወረደች።

ብረቷ ጮኸች፣ ሮጠች፣ ደረጃውን እንዴት እንደወረደችው አታውቀውም። ውጭ ስትደርስ የሚታየው የሰው ጎርፍ ብቻ ነው። ለአዛዡ ደወለች፤ "አመለጠችኝ" አለች፤ ሌላ ቃል አልጨመረችም። ከዚያ የምታደርገው ሲጠፋት ተመልሳ ወጣችና ፖሊሶቹ እስኪደርሱ አሮጊቷ አጠገብ ተቀመጠች።

ቀጭኗ የተያዘችው ከሰዓት በኋላ አውቶቡስ ማቆሚያ ላይ ቆማ ነው። እህቷ ቤት ሄዳ ልጇን አይታ መውጣቷ ነበር። "ልመለስ ነው" አለች። ከዚያ ማቆሚያ ወደ ማረሚያ ቤቱ የሚሄደውም፣ ከከተማ የሚያስወጣውም አውቶቡስ ይነሣል፤ ማን ይመናት? እናቷ ጀምበር ሳትጠልቅ ዐረፉ።

በማግሥቱ ብረቷን ጉዳይሽ እስኪጣራ ታግደሻል፣ ግቢም እንዳትገቢ አሏት። በሩን የዘጋባት እሷው ሥራ ያስተማረችው ጠባቂ ነው። ቀና ብሎ ሊያያት አልቻለም፤ "ትእዛዝ ነው፣ እትዬ" አለ። "ዝጋ እንጂ ምን ትንቀረፈፋለህ" አለችው። በሩ በደንብ አለመግጠሙን አይታ ኖሮ፣ "ግፋው!" አለችውና ሄደች።

ከዚያ በኋላ ጠሩኝ አልጠሩኝም እያለች ቤት ተቀመጠች። ሥራ የለመደ ሰው ቤት መዋል አይሆንለትም። ሸሚዝ መተኮስ ጀመረች፤ የደንበኞቹን ልብስ ተራ በተራ ስማቸውን እየጠራች ስትደረድር ባሏ፣ "ሴትዮ፣ ሱሪ ነው እኮ፣ አያመልጥም" አላት። አፉን በያዘ ይሻለው ነበር። ቃሉ ከወጣ በኋላ የስፌት መኪናውም ለረጅም ጊዜ አልተሰማኝም።

የመጣው ጥሪ ሳይሆን የስንብት ወረቀት ነበር። የሥነ ሥርዓት ኮሚቴው ተሰብስቦ፣ "እንድትቀርብ በማስታወቂያ ተጠርታ ስላልቀረበች" በሌለችበት ጉዳዩን አይቶ፣ ከሥራ እንድትሰናበት ወስኗል ይላል። ሄዳ የመንግሥት ሠራተኞችን አቤቱታ ለሚሰማው ጉባኤ አመለከተች። ጉባኤውም ማስታወቂያው በደንቡ መሠረት ተለጥፏል፣ አለመቅረቧ የራሷ ጥፋት ነው ብሎ ስንብቱን አጸናው።

ዘመድ አዝማዱ ተይው አለ። ከመንግሥት ጋር ተካሶ ማን ያተረፈ አለ? ሰፈሩም ሁለት ሆነ። ግማሹ "እስረኛ ያስመለጠ ሽልማት ጠበቀ?" ሲል፣ ግማሹ "ሰው ሆነች እንጂ ምን አጠፋች!" ይል ነበር። እሷን የሚያንገበግባት ግን የሰዉ ወሬ አልነበረም። "አንድ ሰው እንኳን ምን ሆነሽ ነው አላለኝም" ትለኛለች። "እስረኛ እንኳ ምግብ ደፋች ተብላ ስትከሰስ ጠርተን ለምን ብለን እንጠይቃለን።"

በመጨረሻ እኔው ይዣት ፍርድ ቤት ሄድኩ። አጥሩ ሥር ጃንጥላ ተክለው፣ ትንሽ ጠረጴዛ ዘርግተው የሚቀመጡ ማመልከቻ ጻፊ ሽማግሌ አሉ። በወጣትነታቸው የችሎት ጸሐፊ ነበሩ፤ የሕግ ቋንቋ ከጠበቃ እኩል ይናገራሉ፣ በቀልድ ደግሞ ይብሳሉ። ታሪኩን ከሥሩ ነገረቻቸው። ሰምተው ሲጨርሱ መነጽራቸውን አወለቁ።

"ልጄ፣ ካቴናው ላላ ያለ ነበር ብንል ምን ይመስልሻል? አሮጌ ካቴና ይላላል።"

"አልላላም፣ አባቴ። እኔ ነኝ የፈታሁት።"

"እሺ፣ ሐኪሙ ፍቺያት ብሎሽ ነበር?"

"አላለኝም።"

"እንዲህ ያለ ደንበኛ አይጣልባችሁ!" አሉኝ ወደኔ ዞረው። ቀጠሉና፣ "መልካም፣ እውነቱን እንያዝ፤ እሱ አይረሳም። ኮሚቴው ሲጠራሽ ለምን ቀረሽ?"

"መቼ ጠሩኝ? የለጠፉትን ማስታወቂያ እስከዛሬ አላየሁትም።"

"የት ነው የለጠፉት?"

"እንደ ወትሮው ከሆነ መዝገብ ቤቱ በር ላይ ባለው ሰሌዳ ይሆናል።"

"ግቢ ውስጥ?"

"ግቢ ውስጥ።"

ሽማግሌው እርሳሳቸውን አስቀመጡ። ከዚያ ብዕርና ወረቀት አወጡና መጻፍ ጀመሩ።

የቀጠሮው ቀን ባሏ ሱቁን ዘግቶ፣ ራሱ የሰፋውን ኮት ለብሶ መጣ። ሦስታችንም፣ ሽማግሌውም ጭምር፣ ኋላ ያለው አግዳሚ ላይ ተደረደርን። ችሎቱ ጠባብ ክፍል ነው፤ መስኮቱ አልዘጋ ብሎ የመንገዱ ጡሩምባ ይገባል። ሦስት ዳኞች ተቀምጠዋል፤ መሐል ያሉት ሰብሳቢዋ ዳኛ ጉንፋን ይዟቸው በየመሐሉ መሐረብ ያወጣሉ። የማረሚያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ለብቻው ቆሞ፣ ጥፋቱ ከባድ መሆኑን፣ እስረኛ ማምለጧን፣ ደንብ መጣሱን አንድ በአንድ ዘረዘረ። ብረቷ እያንዳንዱን ሲናገር ራሷን በአዎንታ ትነቀንቃለች። ሽማግሌው በሹክሹክታ፣ "ኧረ አንገቷን ያዙልኝ" አሉ።

ሰብሳቢዋ ነገረ ፈጁን አስቆሙት።

"ጥሪው የተለጠፈው የት ነው?"

"በመሥሪያ ቤቱ የማስታወቂያ ሰሌዳ ነው፣ ክቡር ፍርድ ቤት።"

"ሰሌዳው የት ይገኛል?"

"በመሥሪያ ቤቱ ግቢ።"

"በዚያን ጊዜ አመልካቿ ሥራ ላይ ነበሩ?"

"አይ፣ ታግደው ነበር።"

"ከሥራ ብቻ ነው የታገዱት?"

ነገረ ፈጁ ወረቀቱን ገለጠ፤ መልሶ ገለጠ። "ከግቢም ጭምር ነው" አለ።

"ታዲያ በየት በኩል አልፈው ያንብቡት?"

ከኋላችን የሆነ ሰው ሳቀ። ነገረ ፈጁ ደንቡ መለጠፍን እንጂ መነበብን አያዝም ሊል ሞከረ፤ ሰብሳቢዋ ግን፣ ደንቡ መለጠፍን የሚፈቅደው ሠራተኛው ያለበት ሲጠፋ ነው፣ የአመልካቿ አድራሻ መዝገቡ ላይ አለ፣ ስንብቱንም ቤታቸው ድረስ ልካችኋል አሉት። ለመባረር የተገኘ ቤት ለመጠራት እንዴት ጠፋ?

ሰብሳቢዋ ወደ ብረቷ ዞሩ። "የሚጨምሩት አለ?"

ሽማግሌው "የለኝም በይ፣ የለኝም በይ" እያሉ ይጸልያሉ።

"ክቡር ፍርድ ቤት፣" አለች ብረቷ፣ "እኔ አጥፍቻለሁ።"

ሽማግሌው ፊታቸውን በባርኔጣቸው ሸፈኑ። ባሏ ኮቱን ቆልፎ ፈታ።

"ካቴናውን የፈታሁት እኔ ነኝ። ለምን እንደሆነ ልንገራችሁ—"

"ይቆዩኝ እመቤት" አሉ ሰብሳቢዋ፣ ደግነት ባለው ድምፅ። "ማጥፋት አለማጥፋትዎን ይህ ችሎት አያይም። እኛ የምናየው በሕጉ መሠረት ተሰምተው ነበር ወይ የሚለውን ብቻ ነው። የሚነግሩንን ነገር ሊሰማ የሚገባው ኮሚቴው ነው።"

ውሳኔው በሌላ ቀጠሮ ተነበበ። የኮሚቴው ውሳኔና የጉባኤው ማጽኛ ተሽረው፣ ብረቷ በአግባቡ ተጠርታ፣ መከላከያዋ ተሰምቶ፣ ጉዳዩ እንደ አዲስ እንዲታይ ታዘዘ። ደጃፉ ላይ ቆመን ተያየን።

"አሁን አሸነፍን ወይስ ተሸነፍን?" አለ ባሏ።

"ተመልሳ ትናገራለች" አሉ ሽማግሌው።

"ይህ ሁሉ ውጣ ውረድ ለመናገር ነው?"

"ልጄ፣ እዚህ በር ላይ ከሚሰለፈው ሰው ግማሹ ያቺኑ የመናገር ዕድል አጥቶ ነው የሚሰለፈው።"

ኮሚቴው በዚህ ጊዜ የጥሪ ወረቀቱን ቤቷ ድረስ አመጣ። የኮሚቴው ሰብሳቢ የማረሚያ ቤቱ ክሊኒክ ኃላፊ ነበረች። ብረቷ ሁሉንም ነገረቻቸው፤ ስለ አምባሩ፣ ስለ ቧንቧው፣ ስለ አሮጊቷ እጅ። ሁለተኛ ጠባቂ ጠይቃ እንደነበርም ስትናገር ኮሚቴው እርስ በርሱ ተያየ፤ ይህን የሰማ አልነበረም። አዛዡ ተጠራ። ያን ዕለት ጠዋት ቢሮው ውስጥ ከሁለቱ በቀር ሰው አልነበረም፤ አላልኩም ቢል የሚመሰክርበት የለም። ብረቷም ይህን ታውቃለች።

"ለሁለት ትበቂያለሽ ብለዋት ነበር?" አለችው የክሊኒኩ ኃላፊ።

አዛዡ ቆቡን ከጉልበቱ አንስቶ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ። "ብያለሁ" አለ። "ብቻዋን የላክኋት እኔ ነኝ።"

ብረቷ ያን ጊዜ ዕንባዋ መጣ። ሲያባርሯት አላለቀሰችም ነበር።

በመጨረሻ ኃላፊዋ፣ "ነገሩ ነገ ቢደገም ትፈቺያለሽ?" ስትል ጠየቀቻት።

"አልፈታም ብል ውሸቴን ነው። እፈታለሁ ብልም ለዚህ ሥራ አልሆንም። ብቻዬን ግን አልሄድም።"

ስንብቱ ተነሣላት፤ ማዕረጓ ዝቅ ብሎ ከእጀባ ሥራ ወጥታ ጠያቂዎች የሚፈተሹበት ክፍል ተመደበች። አዛዡም በጽሑፍ ተገሠጸ። ባሏ ተናደደ፤ ይግባኝ በይ አላት።

"አጥፍቻለሁ አልኩህ እኮ።"

"ታዲያ ያን ሁሉ ጊዜ ምን ፈልገሽ ነው የተንከራተትሽው?"

"እንዲጠይቁኝ" አለችው። እሱም የደንብ ልብሷን የማዕረግ ምልክት በምላጭ ይፈታ ጀመር፤ የክሩ ቦታ እንዳያስታውቅ ደግሞ በእንፋሎት ተኮሰላት።

ቀጭኗን ያገኘቻት በተመለሰች ሰሞን ነው። እህቷ ልጅቷን ይዛ ልትጠይቃት መጥታ፣ ቀጭኗ ወደ መጠየቂያው ስትገባ ብረቷ በሩ ላይ ቆማለች። ቀጭኗ ባለችበት ደርቃ ቀረች።

"እትዬ... ልመለስ ነበር።"

"ነበር ባይሰበር" አለችና ፊቷን አዞረችባት።

ቂም ይዛባት ነበር፤ አልደበቀችንም። "አምኛት፣ ማሰሮውን አስቀምጣ ሄደች" ትላለች። በሌላ የጥየቃ ቀን ግን ቀጭኗ እንደገና ቀረበቻት፤ ይቅርታ አልጠየቀችም።

"እናቴ ውሃውን ጠጣች?"

ብረቷ ዝም ልትላት አስባ ነበር።

"ጠጣች።"

"ማን ሰጣት?"

"እኔ ነኛ፤ ማን ሊሰጣት ኖሯል?"

"ምን አለች?"

"ተባረኪ ልጄ አለች።"

ቀጭኗ ከንፈሯን ነከሰች። "ለማን ነው ያለችው? ለኔ ነው ወይስ ላንቺ?"

"እኔ እንጃ" አለች ብረቷ። "ለሁለታችን ይሁን። በይ ግቢ፣ ልጅሽ እየጠበቀችሽ ነው።"

አሁን ቀጭኗ ፍርዷን ጨርሳ ወጥታለች። ከእህቷ ጋር ገበያ ዳር አትክልት ትሸጣለች። ባለፈው እኔና ብረቷ በዚያ ስናልፍ አየችንና ከመደቧ ኋላ ብድግ አለች። ብረቷ ቲማቲሙን አገላበጠች፣ ሽንኩርቱን ጫን አድርጋ መጠጠሩን አየች፣ ኋላ ሚዛኑን በጥርጣሬ ተመለከተችው።

"ሚዛንሽ ልክ ነው?"

"እትዬ ደግሞ! አንቺ እያየሽኝ ምን ይጎድላል?"

"ሳላይሽስ?"

ቀጭኗ ሳቀችና አንድ ትልቅ ቲማቲም በላዩ ጣል አደረገችላት። ብረቷ ቲማቲሙን አንስታ ቦታው መለሰችው፤ የቀረውን በዘንቢሏ ይዛ፣ "ልጅቷን ትምህርት ቤት አስገባሻት?" እያለች መደቡ አጠገብ ባለው ድንጋይ ላይ ተቀመጠች። እኔ ሥራ ነበረብኝና ትቻቸው ሄድኩ።